የእንግሊዞች የእሁድ ጥብስ ከነዮርክሻየር ፑዲንጉ፦ ሞራውን ተከተሉ

ዮርክሻየር ፑዲንግ ለመጀመሪያ ጊዜ የቀረበልኝ ሰሜን እንግሊዝ፣ ዮርክሻየር በሚባለው ክፍል ባለችው ሊድስ ከተማ፣ አንድ የሥራ ባልደረባዬ ቤት ነው። ሰሃኑ ላይ ስስ ተደርጎ የተቆረጠ የበሬ ሥጋ አለ። ድንች አለ፣ ጎመን አለ። ከጎኑ ደግሞ ቡናማ፣ ጠርዙ ሽቅብ የቆመ፣ መሀሉ ጎድጎድ ያለ ነገር ተቀምጧል። "ፑዲንግ ነው" አሉኝ። ለእኔ ፑዲንግ ማለት ጣፋጭ ነው። ስለዚህ ወደ ዳር ገፋ አድርጌ ለመጨረሻ አቆየሁት። የባልደረባዬ እናት ትንሽ አዩኝና ተነሡ። የግሬቪውን (ከሥጋው ጭማቂ የሚሠራ ስጎ ነው) ማንቆርቆሪያ አንሥተው ጎድጓዳውን ጢም አድርገው ሞሉልኝ። "ሳይቀዘቅዝ ብላው።"

ከዚያ ወዲህ ይህን ምግብ ብዙ እሁድ ሠርቻለሁ። መጀመሪያ አካባቢ ግን ሠራሁ ከማለት አበላሸሁ ማለት ይቀላል። አራት የማይተዋወቁ ምግቦችን ባንዴ የምሠራ ይመስለኝ ነበር። ሥጋው ለብቻ፣ ድንቹ ለብቻ፣ ፑዲንጉ ለብቻ፣ ግሬቪው ለብቻ። ነገሩ የገባኝ ሞራው የት እንደሚሄድ ማየት ስጀምር ነው። ከሥጋው የሚወጣው ስብ ድንቹን ይጠብሳል፣ ፑዲንጉን ያስነሣል፣ የግሬቪው መነሻ ይሆናል። የተረፈው ደግሞ ሰኞ ዳቦ ላይ ይቀባል። እዚህም በዚያው መንገድ ነው የምወስዳችሁ።

መጀመሪያ ትንሽ ታሪክ፣ ምክንያቱም አሠራሩ ከዚያ ነው የመጣው

ዛሬ ሮስት፣ ማለትም ጥብስ፣ የምንለው ኦቨን ውስጥ የሚገባውን ነው። ድሮ እንግሊዝ ውስጥ እንዲህ አልነበረም። ሥጋው ረጅም የብረት ዘንግ ላይ ተሰክቶ ከሚነድ እሳት ፊት ለፊት ይዞራል። ከእሳቱ በላይ ሳይሆን ፊት ለፊት። ዘንጉን የሚያዞር ሰው ያስፈልጋል፤ ብዙ ጊዜ ይህ ዕጣ የሚደርሰው ለልጅ ነው። ከ16ኛው መቶ ዘመን ጀምሮ ደግሞ ለዚሁ ሥራ የተያዙ እግረ አጭር ውሾች ነበሩ። ግድግዳ ላይ በተሰቀለ መንኮራኩር ውስጥ ይሮጣሉ፣ መንኮራኩሩም ዘንጉን ያዞራል። ዝርያው አሁን የለም። አንዱ ብቻ ቆዳው ተሞልቶ ዌልስ ውስጥ፣ አበርጋቬኒ ሙዚየም ተቀምጧል። ዊስኪ ይሉታል። ዕድሜ ልኩን የሰው ጥብስ እያሸተተ የሮጠ ውሻ ነው።

ከሚዞረው ሥጋ ሥር የሚንጠባጠበውን ስብ የሚቀበል ፓትራ ይቀመጣል። አንድ ብልህ ሰው ዱቄት፣ እንቁላልና ወተት መትቶ እዚያ ትኩስ ስብ ውስጥ አፈሰሰው። ከላይ ሥጋው እየተንጠባጠበበት በሰለ። በ1737 የታተመ አንድ አሠራር (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን ናቸው) "ድሪፒንግ ፑዲንግ" ይለዋል፤ የሚንጠባጠብ ስብ ፑዲንግ እንደ ማለት ነው። በዮርክሻየር ስም በሰፊው የታወቀው ሃና ግላስ በ1747 ባሳተመችው የምግብ አሠራር መጽሐፍ ነው።

ዮርክሻየር ውስጥ ፑዲንጉ የሚቀርበው ከሥጋው በፊት ነበር፤ ለብቻው፣ ከግሬቪ ጋር። ሥጋ ውድ ነው፣ ዱቄት ርካሽ ነው። "ብዙ ፑዲንግ የበላ ብዙ ሥጋ ያገኛል" እያሉ ልጆቹን ያባብላሉ። ብዙ ፑዲንግ የበላ ልጅ ለሥጋው የሚሆን ሆድ አይተርፈውም። እናትየዋ ይህን አሳምራ ታውቃለች።

ቤታቸው ኦቨን የሌላቸው ሰዎች እሁድ ጠዋት ወደ ቤተ ክርስቲያን ሲሄዱ ሥጋና ድንቻቸውን ሠፈር ያለ ዳቦ ቤት ይተዋሉ። የዳቦ ጋጋሪው ምድጃ እንደሆነ ሙቀቱን ይዟል። ከጸሎት ሲመለሱ ጥቂት ሳንቲም ከፍለው ምሳቸውን ይዘው ይገባሉ። የብረት ምድጃ በ19ኛው መቶ ዘመን በየቤቱ ሲገባ ሥጋው ከእሳት ፊት ወደ ኦቨን ውስጥ ገባ። ስሙ ግን ሮስት እንደተባለ ቀረ።

"የእንግሊዝ ምግብ አይበላም" የሚለው ወሬስ? ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ብዙ አበላሽቷል ባይ ነኝ። ራሽን የተጀመረው ጃንዋሪ 1940 ነው። ሥጋ በዚያው ዓመት ማርች ላይ ገባበት። ለአንድ አዋቂ በሳምንት የ1 ሺሊንግ ከ10 ፔንስ ሥጋ ብቻ ተፈቀደ። ይህ ያበቃው ጁላይ 1954 ነው። 14 ዓመት ማለት አንዲት ልጅ ተወልዳ፣ ትልቅ ሙዳ ሥጋ ቤቷ ሲጠበስ ሳታይ ለማዕድ ቤት ትደርሳለች ማለት ነው።

ምን ይገዛ?

የምነግራችሁ ለስድስት ሰው የሚበቃ ነው።

ሥጋው ከነአጥንቱ 2.5 ኪሎ የሚሆን ጎድን ይሁን። ካላገኛችሁ ሽንጥ ይሆናል፤ አጥንት ስለሌለው 1.8 ኪሎ ይበቃል። ከላዩ ስብ ያለው ምረጡ። "ጮማውን አንሥልኝ" የሚል ሰው ይህን ምግብ ባይጀምረው ይሻላል።

ሥጋ ሻጩን 300 ግራም ሞራ ጨምርልኝ በሉት። እንግሊዝ ያላችሁ የተነጠረ የበሬ ስብ በትንንሽ ጥቅል ሱፐርማርኬት ታገኛላችሁ፤ ድሪፒንግ ይባላል። ሁለቱም ከሌለ የሱፍ ዘይት ይሠራል። ንጥር ቅቤም ሙቀት ይችላል፣ ግን ኮረሪማና በሶብላ የገባበት ከሆነ ሽታው ሁሉንም ይውጠዋል። ሞክሬዋለሁ። አይከፋም፣ ግን ሌላ ምግብ ነው የሚሆነው።

ከዚያ ሁለት ኪሎ ድንች (እንግሊዞቹ ማሪስ ፓይፐር ወይም ኪንግ ኤድዋርድ የሚባሉትን ይመርጣሉ፤ ሌላ ቦታ ሲቀቀል ፍርክስ የሚለውን ያዙ)፣ አራት እንቁላል፣ ወተት፣ ፉርኖ ዱቄት፣ ሁለት ቀይ ሽንኩርት፣ ካሮት፣ ጥቅል ጎመን። አንድ ሊትር የአጥንት መረቅ ቢኖር ጥሩ ነው።

አንድ ዕቃ ግን አደራ። ለፑዲንጉ የመፊን ፓትራ ያስፈልጋል፤ ባለ 12 ጉድጓድ፣ የብረት። ሲሊኮኑ ሙቀት ስለማይዝ አይሆንም።

ከጠዋቱ 4 ሰዓት፦ ሞራ፣ ሊጥ፣ ሥጋ

እንግዶቻችሁ 8 ሰዓት ላይ ማዕድ ይቀርባሉ እንበል።

ሞራውን ደቀቅ አድርጋችሁ ክተፉት። በትንሽ ድስት፣ ግማሽ የቡና ስኒ ውኃ ጨምራችሁ፣ በቀስታ እሳት ጣዱት። ከአንድ ሰዓት ባነሰ ጊዜ ውኃው ተንኖ ጥርት ያለ ስብ ይተውላችኋል። አጥልሉት። ወንፊቱ ላይ የቀረውን ጥብስብስ ጨው ነስንሶ መብላት የወጥ ቤቱ ሰው መብት ነው።

ቀጥሎ የፑዲንጉ ሊጥ። ሚዛን አያስፈልግም። አራቱን እንቁላል አንድ ብርጭቆ ውስጥ ስበሩና የት እንደደረሰ ምልክት አድርጉ። በዚያው ብርጭቆ እስከዚያው ምልክት ዱቄት፣ እንደገና እስከዚያው ምልክት ወተት ለኩ። እንቁላሉ ትልቅም ይሁን ትንሽ ልኩ አይሳሳትም። መጀመሪያ ዱቄቱንና እንቁላሉን ምቱ፣ ከዚያ ወተቱን ቀስ በቀስ ጨምሩ፣ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው አድርጉበት። ውፍረቱ ምጣድ ላይ እንደሚዞር የእንጀራ ሊጥ ይሁን። ቤኪንግ ፓውደር እንዳታስገቡ፤ የሚያስነሣው እንፋሎቱ ነው። ሸፍናችሁ አስቀምጡት። ከግማሽ ሰዓት በታች አይሁን። ከማታ ጀምሮ ፍሪጅ ቢያድርም ይወዳል።

ሥጋውን ከፍሪጅ አውጡት፤ ቅዝቃዜው ይልቀቀው። በደንብ ጨው እሹት። ጨዉን ከማታው ብታደርጉት ደግሞ ወደ ውስጥ ስለሚዘልቅ ይበልጣል። ስቡ ላይ አንድ ማንኪያ ዱቄትና አንድ ማንኪያ የሰናፍጭ ዱቄት ነስንሱ። ይህ የቆየ የእንግሊዝ ዘዴ ነው፤ ከላዩ ቅርፊት ይሠራል።

5 ሰዓት ከ30፦ ሥጋው ይገባል

ኦቨኑን 230 ዲግሪ ላይ አግሉ። ፋን ያለው ከሆነ ከምነግራችሁ ቁጥር ሁሉ 20 ቀንሱ። ሽንኩርቱን በወፍራሙ ቆርጣችሁ ፓትራው ላይ አንጥፉ። ሥጋውን ስቡ ወደ ላይ ሆኖ ሽንኩርቱ ላይ አስቀምጡት። 20 ደቂቃ በዚህ ሙቀት፣ ከዚያ ወደ 170 አውርዱ። ከዚህ በኋላ ለየግማሽ ኪሎው 15 ደቂቃ አስሉ። 2.5 ኪሎ ከሆነ ተጨማሪ 75 ደቂቃ ነው።

ሰዓቱን ብቻ አትመኑ። ወፍራም ሥጋና ቀጭን ሥጋ እኩል ቢመዝኑም እኩል አይበስሉም። የሥጋ ቴርሞሜትር ርካሽ ነው፤ ግዙ። መሀሉ 52 ሲል ብታወጡት አርፎ ሲቀርብ ሮዝ ይሆናል። 60 ላይ ካወጣችሁት ብዙም ቀይ አይታይበትም። 70 ካለፈ ደርቋል።

እዚህ ጋ ከሐበሻ እንግዳ ጋር ክርክር ይነሣል። ጥሬ ሥጋ በዳጣ የሚበላ ወንድሜ ሮዙን ሥጋ ሲያይ "ይሄማ አልበሰለም" ይላል። ወይ ጥሬ ነው ወይ ብስል፣ መሀል ቤት ያለውን አያምነውም። የሚወጣው ቀይ ፈሳሽ ደም አይደለም፤ የሥጋው የራሱ ውኃ ነው፣ ጡንቻ ውስጥ ያለ ማዮግሎቢን የሚባል ፕሮቲን ነው ያቀላው። ይህን አስረድቼ የተሳካልኝ ቀን ግን የለም። አሁን ዳር ዳሩን ለሱ እቆርጥለታለሁ። ዳሩ ሁልጊዜ የበሰለ ነው።

6 ሰዓት ከ15፦ ድንቹ

ልጣችሁ ትልልቅ አድርጋችሁ ቁረጡት። ጨው ባለው ውኃ ለ10 ደቂቃ ያህል ቀቅሉት። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል ከ2,300 ሜትር በላይ ስለሆነች ውኃ የሚፈላው 92 ዲግሪ አካባቢ ነው። ስለዚህ እዚያ ያላችሁ ጥቂት ደቂቃ ጨምሩ፤ ቢላ ሲሰኩበት ዳሩ ለስለስ፣ መሀሉ ጠንከር ይበል።

ውኃውን አጥልሉ። እንዳትደፉት ግን፣ ለግሬቪው ይፈለጋል። ድንቹን በባዶው ድስት ትንሽ አትንኑት። ከዚያ ክዳኑን ይዛችሁ ድስቱን አራት አምስት ጊዜ ናጡት። የድንቹ ዳር ይሻክራል፣ ይፈረፈራል። የተበላሸ ይመስላል። እሱ ነው የሚፈለገው። ያ ሻካራ ዳር ነው ስብ ጠጥቶ ኩርሽም የሚለው።

ሌላ ፓትራ ላይ ጠዋት ያነጠራችሁትን ሞራ ከግማሽ በላዩን አድርጉና ኦቨን ውስጥ አግሉት። 6 ሰዓት ከ45 ላይ ድንቹን ጨምሩ፣ በስቡ አገላብጡ፣ ከሥጋው ሥር አስገቡ።

7 ሰዓት ከ15፦ ሥጋው ይወጣል፣ ሩጫው ይጀመራል

የዚህ ምግብ ቁልፍ ያለው እዚህ ላይ ነው። ሥጋው ወጥቶ 40 ደቂቃ ያህል ማረፍ አለበት። ወዲያው ብትቆርጡት ውኃው በሙሉ ሳንቃው ላይ ይፈሳል። በፎይል ላላ አድርጋችሁ ሸፍኑት። አይቀዘቅዝም፤ እንዲያውም የመሀሉ ሙቀት ጥቂት ዲግሪ ይጨምራል። እሱ ሲያርፍ ኦቨኑ ከድንቹ በቀር ባዶ ነው። ፑዲንጉ የሚጋገረው በዚህ ክፍተት ነው። ባለሙያዎቹ ሳይደናገጡ ሁሉንም ባንዴ የሚያቀርቡት በሌላ ተአምር አይደለም።

ኦቨኑን ወደ 220 መልሱት። ድንቹን አገላብጡና ወደ ታች አውርዱት። ሥጋው ከተጠበሰበት ፓትራ ስቡን በማንኪያ እየቀዳችሁ የመፊኑ ፓትራ ጉድጓዶች ውስጥ አንድ አንድ የሻይ ማንኪያ አድርጉ። ካነሰ ከጠዋቱ ሞራ ሙሉበት። ፓትራውን ሊጥ ሳይገባበት ኦቨን ውስጥ ከተቱትና 10 ደቂቃ ጠብቁ። ስቡ ጭስ ጭስ ማለት ሲጀምር ደርሷል።

አሁን ፈጠን በሉ። ሊጡን አፍ ባለው ማንቆርቆሪያ ገልብጣችሁ ያዙ። ፓትራውን አውጡ፣ የኦቨኑን በር ወዲያው ዝጉ። እያንዳንዱን ጉድጓድ ከግማሽ ትንሽ ከፍ እስኪል ሙሉ። ሊጡ ስቡን ሲነካ "ቸስ" ማለት አለበት። ዳሩ ዓይናችሁ እያየ ይነጣል፣ ይይዛል፣ በጠርዙም ትንንሽ አረፋ ይወጣል። ዝም ካለ ስቡ አልጋለም ማለት ነው። ያኔ የምታገኙት ፑዲንግ ሳይሆን ወፍራም ቂጣ ነው።

7 ሰዓት ከ30 ላይ ይገባል። ከ20 እስከ 25 ደቂቃ። በሩን እንዳትከፍቱ! የመጀመሪያ ጊዜዬ ላይ በ12ኛው ደቂቃ "እስኪ ልየው" ብዬ ከፈትኩ። አምረው ቆመው ነበር። በሩ ላይ ቆሜ ሳለሁ አንድ ባንድ እየተነፈሱ ተቀመጡ። ገና ያልደረቀ ግድግዳቸው ያለ እንፋሎት አይቆምም። ማየት ከፈለጋችሁ መብራቱን አብሩና በመስታወቱ እዩ። ወርቃማውን አልፎ ወደ ቡናማ ሲሄድ ይወጣል። ስለ ቁመቱ የእንግሊዝ የኬሚስትሪ ሮያል ማኅበር ሳይቀር በ2008 ቃል ሰጥቶበታል። ከ4 ኢንች፣ ማለትም ከ10 ሴንቲሜትር ካነሰ ዮርክሻየር ፑዲንግ አይባልም አለ። እኔ 8 ላይ ደርሼ ረክቻለሁ።

ግሬቪው፣ እየተጋገረ ሳለ

የሥጋው ፓትራ ውስጥ ሽንኩርት፣ የተቃጠለ የሚመስል ቡናማ ጭማቂና ትንሽ ስብ ቀርቷል። እንዳታጥቡት! ሁለት የሾርባ ማንኪያ የሚሆን ስብ ብቻ ትታችሁ ሌላውን በንጹሕ ማሰሮ ገልብጡ። ፓትራውን እሳት ላይ ጣዱ። ሁለት ማንኪያ ዱቄት ጨምራችሁ ቡናማ እስኪል አማስሉት። ከዚያ መረቁንና የድንቹን ውኃ፣ በድምሩ 700 ሚሊ ሊትር ያህል፣ ጥቂት በጥቂት እየጨመራችሁ በመምቻ ምቱ። ባንዴ ከጨመራችሁት እንደ ሽሮ ይጓጉላል። የፓትራውን ሥር በእንጨት ማንኪያ ፋቁት፤ ጣዕሙ ያለው እዚያ ነው። ለ10 ደቂቃ ይንተክተክ፣ ከዚያ አጥልሉት። ሥጋው ካረፈበት ሳንቃ የወጣውን ውኃ መጨረሻ ላይ ጨምሩበት።

ካሮትና ጎመን ብዙ ንግግር አይሹም። ቀቅሉ፣ ግን እንዳይልፈሰፈሱ። አምስት ደቂቃ።

ማባያው ላይ ግን አፍታ ልቆይ። እንግሊዞች ከበሬ ጥብስ ጋር ሁለት ነገር ያቀርባሉ። አንዱ ሆርስራዲሽ የሚባል አፍንጫ የሚሰረስር ሥር ነው፤ ተፍቆ ከክሬም ጋር ይቀርባል። ሌላው ሰናፍጭ ነው። የኮልማን ሰናፍጭ ኖርዊች አጠገብ መፈጨት የጀመረው በ1814 ነው። ዱቄቱን በቀዝቃዛ ውኃ በጥብጡና 10 ደቂቃ ተዉት። የሚያቃጥለው ነገር የሚፈጠረው ውኃ ሲነካው ስለሆነ ጊዜ ይፈልጋል፤ የፈላ ውኃ ደግሞ ይገድለዋል። የአገር ቤት ሰናፍጭ ካላችሁ እሱኑ አቅርቡ። ሊድስ ያሉት የባልደረባዬ እናት ቀምሰው ዓይናቸው እንባ ሞልቶ ጨመር አድርግልኝ ብለውኛል።

8 ሰዓት

አጥንቱ ካለ መጀመሪያ በስለታም ቢላ ከሥጋው ለዩት። ሥጋውን የጡንቻውን ክር እያቋረጣችሁ ስስ ስስ አድርጋችሁ ቁረጡ። ሰሃኖቹን አሙቁ፤ እንግሊዞች በዚህ ቀልድ አያውቁም፣ ልክም ናቸው፤ ስብ ያለበት ምግብ በቀዝቃዛ ሰሃን ቶሎ ይረጋል። ፑዲንጉ ከኦቨን ወጥቶ ሁለት ደቂቃ ሳይሞላው ሰው ፊት ይድረስ። ግሬቪው ጎድጓዳው ውስጥ።

የተረፈው ድንችና ጎመን ሰኞ አብሮ ተፈጭቶ መጥበሻ ላይ ይጠበሳል። ባብል ኤንድ ስኩዊክ ይሉታል፤ መጥበሻው ላይ ሲንጫጫ በሚያሰማው ድምፅ። ቀዝቃዛ ሥጋው በሰናፍጭ ሳንድዊች ይሆናል። የተረፈ ፑዲንግ ካለ በማርማላታ ብሉት፤ ያን ዕለት ለመጨረሻ ያቆየሁት ጨርሼ አልተሳሳትኩም ማለት ነው። አጥንቱን እነሱ መረቅ ያደርጉታል፣ እኔ ቅቅል አደርገዋለሁ።

በማሰሮ የገለበጣችሁትን ስብ ፍሪጅ አስገቡት። ጠዋት ከላይ ነጭ ሆኖ ይረጋል፤ ከሥሩ ደግሞ ጥቁር ቡናማ፣ ጄሊ የመሰለ የሥጋ ጭማቂ ይቀመጣል። ሁለቱንም በቢላ ጫፍ ቆንጠር አድርጋችሁ ትኩስ ዳቦ ላይ ቀቡና ጨው ነስንሱ። ነጩን አትጨርሱት። የሚቀጥለው እሁድ ድንች የሚጠበሰው በሱ ነው።